ሙት አይደግምም

ጡረታ ከወጣሁ ጀምሮ ሰው ሁሉ የሚጠይቀኝ ነገር አንድ ነው። «ቱሉ፣ ያን የመሰለ ድምፅ ይዘህ፣ ሕዝቡ በትዊስትህ እያበደልህ፣ ምን ሆነህ ነው ዘፈኑን ትተህ ቲያትር የገባኸው?» ይሉኛል። እስከ ዛሬ ለአንዱ አንድ፣ ለሌላው ሌላ ስመልስ ኖርኩ። መገናኛ ታክሲ ውስጥ ለሚጠይቀኝ «የባንዱ አለቃ አናዶኝ ነው» እላለሁ። ለጎረቤት «እንጀራ ነው እንጂ ሌላ ምን አለ» እላለሁ። ለንስሐ አባቴ «ጭፈራው ሰለቸኝ አባ» ብያቸዋለሁ። አንዱም ውሸት አይደለም፤ አንዱም መልስ አይደለም። መልሱ ረጅም ነው፤ ቆሞ የሚሰማኝ ሰው ስላላገኘሁ ተቀምጬ ልጽፈው ነው። ጽሕፈቴ የዶሮ ጭረት ነው። ፊደል ቆጥሬ ዳዊት ሳልደግም የወጣሁ ሰው ነኝና ስሕተት ያገኘ ሰው አርሞ ያንብብ፤ ለእኔ አይንገረኝ።

የተወለድኩት ኮተቤ ነው። አባቴ ገበሬ ነበር። ቤታችን ውስጥ ኦሮምኛና አማርኛ ከአንድ ገበታ ይበሉ ነበር። እናቴ በአንዱ ትቆጣለች፣ በአንዱ ታባብላለች፤ የቱ በየቱ እንደነበር አልናገርም፤ ሁለቱም እንዳይቀየሙኝ። ከልጅነቴ ጀምሮ ሰርግ ባለበት ሁሉ እየተጠራሁ አዜማለሁ። በመሪም፣ በኮተቤም፣ በየካም ሰፈር ሙሽራ የተባለ እኔ ሳልኖር አልተሞሸረም ብል ማጋነን አይሆንም፤ ቢሆንም ግድ የለኝም።

አንድ ቀን ሰርግ ላይ አንድ የጦር መኮንን ሰማኝ። ሻምበል ባይሳ ይባላል፤ የጦር ሰፈር ባንድ አለቃ ነው። ጠርቶ «አፍህን ክፈት» አለኝ። ከፈትኩ። እንደ ፈረስ ገዢ ጥርሴን አየና «ጤነኛ ነህ፣ ሰኞ ና» አለኝ። በዚሁ ተቀጠርኩ። ዘመኑ ሐምሳዎቹ ነው። ሳክስፎንና ጊታር ከተማውን የወረረበት ጊዜ ነው። በሥራ ቀን ካኪ ለብሰን ማርሽ እንለማመዳለን፤ ቅዳሜ ከሰዓት ጥቁር ሱፍና ክራቫት አድርገን ትዊስትና ቻቻቻ እንጫወታለን። ስሜ በሬዲዮ ሲጠራ እናቴ ሬዲዮኑን በነጠላዋ ትሸፍነው ነበር፤ ቡዳ እንዳይበላኝ።

በባንድ ቤት ትልቁ ሹመት አንዲት ቃል ናት፦ «ይደገም!» ዘፈኑ አልቆ ሕዝቡ «ይደገም! ይደገም!» ካለ ሞላልህ ማለት ነው። የሻምበል ሕግ ደግሞ አጭር ነው። «ሕዝብ ይደገም ካለ ጉሮሮህ ቢደማም ትደግማለህ። ከእኔ በላይ ጄኔራል አለ፤ ከጄኔራል በላይ ይደገም አለ።» ይህ ሕግ ሥጋችን ውስጥ ገባ። ቃሏ ከአዳራሹ ስትነሳ የከበሮ መቺው በትር ብቻውን ይነሳል፣ የእኔም እግር ብቻውን ወደ ቦታው ይመለሳል። ከዚያ ሰው መድረክ ላይ ይወጣና ብሩን በምራቁ አርሶ ግንባሬ ላይ ይለጥፋል። ብሩ ሳይወድቅ እንዴት እንደሚጨፈር ያወቅሁት ያን ጊዜ ነው፤ ከወገብ በታች ታብዳለህ፣ ከአንገት በላይ ጳጳስ ትሆናለህ።

አንድ ቅዳሜ ዘፍኜ ስጨርስ በሩ አጠገብ አንድ ረጅም ሰው አየሁ። ጀርባውን ለመድረክ ሰጥቶ ግድግዳ እያየ ቆሟል። ሰው ተበተነና እሱ ወደ እኔ መጣ። ኮቱ ያረጀ ነው፣ ጫማው አቧራ ነው።

«ልጄ፣ ዘፈንህን ሰማሁት» አለኝ።

«እንዴት ነበር?» አልኩት፤ ሙገሳ ስጠብቅ።

«ምን አጥተህ ነው የምትዘፍነው?»

«ምንም አላጣሁም።»

«እሱኑ ነው የሰማሁት» ብሎኝ ሄደ።

ጋሽ ድልነሳው የሚባለው ይህ ነበር። በልጅነቱ የቆሎ ተማሪ ነበር፤ ቅኔውን ትቶ ወደ ቲያትር የመጣ ሰው ነው። ከመገናኛ ወደ ኮተቤ በሚወስደው መንገድ ዳር አቶ ሰይድ የሚባሉ ነጋዴ የእህል መጋዘናቸውን አዳራሽ አድርገው ነበር። እዚያ ውስጥ ጋሽ ድልነሳው ሙሉ ታሪኩ በዘፈን የሚሄድ ቲያትር ሊያቆም ይዞ ነበር። በዚያን ጊዜ ይህ ብርቅ ነው። ቲያትር መካከል ዘፈን ጣልቃ ይገባል እንጂ ሰው በዘፈን ሲጣላና በዘፈን ሲሞት ያየ አልነበረም።

ያቺ «ምን አጥተህ ነው» ያላት ነገር እንደ እሾህ ተሰካችብኝ። በማግስቱም በሳምንቱም ስዘፍን ትወጋኛለች። በመጨረሻ አዳራሹ ድረስ ሄጄ «ምን ልጣ?» አልኩት። ሳቀና «ግባ» አለኝ።

ሻምበል ባይሳ ሲሰማ ጠረጴዛውን መታው። «ቲያትር? ፊትህን ዱቄት ሊቀቡህ? ስማ አንተ ግትር፤ ትመለሳለህ! ያኔ ድምፅህን ይዘህ አትመጣም፣ ጉሮሮህን ይዘህ ነው የምትመጣው!» አለኝ። የመልቀቂያው ወረቀት ስንት ቢሮ እንደዞረ፣ ደመወዜም በስንት እንደቀነሰ ማውራት አልፈልግም። ቀነሰ። በቃ።

አሁን ስለ ጋሽ ድልነሳው ልንገራችሁ። ልምምድ ሲያይ አያይም። ከአዳራሹ መጨረሻ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ ይቀመጣል። «ዓይን ይታለላል፤ በተለይ እንዳንተ ጥርሱ የሚያምር ሰው ሲያታልለው» ይላል። ውሸት ስትናገር ይስላል። ደረቅ ሳል ናት፤ «እህህ»። ጉንፋን አይደለም። አንድ ቃል ሳታምንበት ከአፍህ ከወጣች ከጀርባው ሳሉን ትሰማለህ፤ እንደገና ከመጀመሪያ። በመጀመሪያው ወር እኔ ከዘፈንኩት እሱ የሳለው ይበዛል።

ዘፈን አያዘፍንህም። «ንገረኝ» ይልሃል። «ግጥሙን ንገረኝ። ለእናትህ እንደምትነግር ንገረኝ። ዜማ የሚመጣው ንግግር አልበቃ ሲል ነው። ሳይጎድልህ አትዝፈን።» የባንድ ዘፋኝ ሕዝቡን እያየ ነው የሚዘፍነው፤ ከመሃል አንዲት ቆንጆ መርጦ ለእሷ ይዘፍናል። እዚህ ሕዝቡን ማየት ክልክል ነው። አጠገብህ የቆመችውን ሴት ነው የምታየው። ይህ ቀላል ይመስላል። እኔን ከሁሉም ይበልጥ የከበደኝ ይህ ነው፤ ምክንያቱም አጠገቤ የቆመችው ዘነበች ነበረች።

ዘነበች የየካ ልጅ ናት። እናቷ የታወቁ አልቃሽ ነበሩ፤ ለቅሶ ቤት ተጠርተው ሙሾ የሚያወርዱ። ሟቹን ባያውቁትም ከለቀስተኛው ፊት፣ ከግቢው አጥር፣ ከታሰረችው በቅሎ ሳይቀር ግጥም አውጥተው ሰውን ያንሰቀስቁታል። ልጆች ግን ዘነበችን «የአልቃሽ ልጅ» እያሉ ሲሰድቧት አድጋለች። ስለዚህ የእናቷን ሙያ አታነሳም፤ ስታለቅስም ጋሽ ድልነሳው የጻፈላትን ብቻ ነው የምትለው፤ አንዲት ቃል አትጨምርም። የማታ ትምህርት ተምራ ማንበብ ታውቅ ነበር። እኔ ጽሑፉን ፊደል በፊደል እየለቀምኩ ሳዘግም አይታ አንድ ቀን ነጠቀችኝ።

«አንተ እስክትጨርስ ዘበኛው በእርጅና ይሞታል። ና፣ እኔ ላንብብልህ።»

ዘበኛው ያለችው እኔን ነው። ቲያትሩ የእንጦጦ ደን ዘበኛ ታሪክ ነው። ባሕር ዛፍ ቆራጭ ሌቦችን የሚያሳድድ ዘበኛ አንዲት ቅጠል ለቃሚ ይወዳል፤ እሷን መያዝ ሕግ ነው፣ አለመያዝ ፍቅር ነው። በመጨረሻ ሌቦቹ ይመቱታል፤ የመጨረሻውን ዘፈን ዘፍኖ በእሷ ጉልበት ላይ ይሞታል። ከዚያ እሷ ታለቅሳለች፣ መጋረጃ ይዘጋል።

ጋሽ ድልነሳው ለዚህ ሲል ሁለታችንንም ዳገቱን ያስወጣን ነበር። ከየካ ተነስተን በባሕር ዛፉ መካከል ወደ እንጦጦ እንወጣለን። ዳገቱን እየወጣህ ግጥሙን ትናገራለህ፤ ትንፋሽህ የሚቆረጥበትን ቦታ ታውቀዋለህ። እኔ ማለክለክ ስጀምር ዘነበች ከላይ ቆማ ትስቃለች።

«ቱሉ በኦሮምኛ ኮረብታ ማለት አይደል?»

«ነው።»

«ታዲያ ኮረብታ ኮረብታ መውጣት ያቅተዋል እንዴ?»

አንድ ጠፍጣፋ ድንጋይ ነበር፤ እሱ ላይ ተቀምጣ ታነብልኛለች፤ እኔ በቃሌ እይዛለሁ። ንፋሱ ወረቀቱን ሲያገላብጠው በክርኗ ትይዘዋለች። ዛሬም ጋዜጣ ስይዝ፣ የሱቅ ታፔላም ሳይ፣ በራሴ ድምፅ አላነብም። በእሷ ድምፅ ነው የሚነበብልኝ።

መሞትንም ተማርኩ። ዘፋኝ ሰውነቱ አያርፍም፤ ተኝቶም ጉልበቱ ይመታል። ጋሽ ድልነሳው በጀርባዬ ያስተኛኝና ደረቴ ላይ አንድ የባሕር ዛፍ ቅጠል ያስቀምጣል። «ቅጠሏ ከተንቀሳቀሰች አልሞትክም። ትንፋሽህን ወደ ጀርባህ ላከው፤ መሬቱ ይተንፍስልህ» ይላል። ቅጠሏን ለማሳረፍ ስንት ቀን እንደፈጀብኝ እግዜር ይወቀው።

የመጀመሪያው እሁድ ደረሰ። ከሰዓት በኋላ ነው። መድረኩ ላይ ከእንጦጦ የመጣ እርጥብ ባሕር ዛፍ ተተክሎ የመጋዘኑ የጤፍ ሽታና የቅጠሉ ሽታ ተቀላቅሏል። ሕዝቡ እኔን ለማየት ነው የመጣው፤ የትዊስቱን ቱሉ። እስከ መጨረሻው ዘፈን ድረስ ሁሉም አማረ። ዘፈንኩ፤ ከመዝፈንም አልፌ ተናገርኩት። ሞትኩ። ዘነበች ራሴን ጉልበቷ ላይ አደረገች፤ እጇን ራሷ ላይ ጭና «ወየው!» አለች።

ያኔ ከአዳራሹ መሃል ተነሳች፤ ያቺ ቃል። «ይደገም!»

አኮርዲዮን ተጫዋቹም እንደ እኔ ከባንድ የመጣ ነበር። ጣቱ ብቻውን መግቢያውን ጀመረው። እጄን ይዛችሁ ብትጠይቁኝ ዛሬም ይህንኑ ነው የምለው፦ የተነሳሁት እኔ አይደለሁም፤ እግሬ ነው። ተነሳሁ፤ ሱሪዬን አራገፍኩ፤ እጅ ነሳሁና ደገምኩት። ሕዝቡ አበደ። ይባስ ብዬ በመጨረሻው ላይ ጉልበቴን ሰበር አድርጌ የትዊስት ቅመም ጨመርኩበት። ዘነበች እጇ ራሷ ላይ እንዳለ ተንበርክካ ቀርታለች። አንዱ ከኋላ «አልቃሿ! ዝም በይ እንግዲህ፣ ሰውየው ድኗል!» አላት። አዳራሹ በሳቅ ፈነዳ። ዘፈኑ ሲያልቅ ተመልሼ ሞትኩ፤ እሷ ልታለቅስ አፏን ስትከፍት ግን ሳቁ ባሰ። መጋረጃው በሳቅ ተዘጋ።

ጋሽ ድልነሳው ወደ ጓዳ ገባ። የሚስል መስሎኝ ጠበቅሁ፤ አልሳለም። አየኝና «ተሻለህ?» አለኝ። ጀርባውን ሰጥቶኝ ወጣ።

ዘነበች ነጠላዋን እያጠፈች ነበር። ድምፅዋን ከፍ አላደረገችም። «እናቴ ዕድሜዋን ሙሉ ስታለቅስ አንድ ሰው አልሳቀባትም» አለችኝ። «በእኔ ተሳቀ። ስማኝ ቱሉ፤ እሁድ ብትነሳ አብሬህ እነሳለሁ። አንተ ወደ ሕዝቡ፣ እኔ ወደ በሩ። ከዚያ ወዲያ አታየኝም።»

እኔ ደግሞ ግትር ነኝ፤ «ሕዝቡ ወዶት አይደል?» አልኳት። ነጠላዋን አጣጥፋ ወጣች። በዚያ ሳምንት ድንጋዩ ላይ ብቻዬን ተቀመጥኩ። የሚያነብልኝ ሳጣ ያን ጊዜ የጋሽ ድልነሳው ጥያቄ ገባኝ። ምን አጥተህ ነው የምትዘፍነው ያለው፣ ለካ ማጣት እንዲህ ያለ ነው። ያ ግጥም በሙሉ በቃሌ ነበረ፤ ግን ብሞክር ብሞክር ከአፌ አልወጣም።

ወሬው ግን ተዛመተ። «መጋዘኑ አዳራሽ ሙት እየተነሳ ይዘፍናል» ተባለ። የካ ሰማ፣ መሪ ሰማ። አቶ ሰይድ ደስታቸውን መያዝ አቃታቸው። ትከሻዬን እየመቱ፣ «ቱሉ ወንድሜ፣ ሞት እንደሆነ በየቤቱ በነፃ አለ። የሚነሳ ሙት ግን ከእኔ አዳራሽ በቀር የትም የለም። አደራህን፣ ተነስልኝ!» ይሉኛል። ሻምበል ባይሳም እሁድ ባንዱን ይዞ እንደሚመጣና ፊት ወንበር እንዲያዝለት ላከ። ሊወስደኝ እንደሚመጣ ገብቶኛል። ብነሳ የእሱ ነኝ። ጋሽ ድልነሳውን «ምን ላድርግ?» አልኩት። «የምትሞተው አንተ ነህ፤ እኔ ምን አውቃለሁ» አለኝ።

ሁለተኛው እሁድ ሰው በመስኮት ሳይቀር ተንጠለጠለ። ዘነበች መጥታለች፤ አላናገረችኝም። ቲያትሩ ሄደ፤ ዘፈንኩ፤ ሞትኩ። ጉልበቷ ላይ ስተኛ ሰውነቷ እንደ እንጨት ደርቋል። ስወድቅ አንዲት ቅጠል ከመድረኩ ባሕር ዛፍ ቀንጥሼ ደረቴ ላይ አድርጌያት ነበር፤ ማንም አላየኝም።

«ይደገም!» አለ ሻምበል፤ ሰልፍ በሚያዝበት ድምፁ። ባንዱ በሙሉ በጭብጨባ ምት ያዘ። «ይ-ደ-ገም! ይ-ደ-ገም!» አዳራሹ ተቀበለ። አኮርዲዮኑ አንድ ጊዜ ተነፈሰና ዝም አለ፤ እኔን ይጠብቃል። የግራ ጉልበቴ ፈለገ። እውነቱን ልናገር፣ ጉልበቴ በጣም ፈለገ። ትንፋሼን ወደ ጀርባዬ ላክሁ። ፉጨት መጣ። «ገንዘባችን!» የሚል መጣ። አቶ ሰይድ ከመጋረጃው ጥግ «ተነስ እንጂ ልጄ፣ ምን ነካህ!» ይላሉ። አልተነሳሁም።

ያኔ የመድረኩ ሳንቃ ሲንሲያጠጥ ሰማሁ። አንድ የጭነት መኪና ሹፌር ወጥቶ ነው፤ በቤንዚን ሽታው አወቅሁት። «ተነስ የኔ ጌታ፣ እኛም አገር ሰው አለ!» አለና ብሩን በምራቁ አርሶ ግንባሬ ላይ ለጠፈው። ሳቁ ጣራውን አነሳው። እስቲ አስቡት፤ ሬሳ ነኝ፤ ደረቴ ላይ ቅጠል፣ ግንባሬ ላይ አንድ ብር።

የዘነበች ጉልበት ከሥሬ ተንቀሳቀሰ። ልትነሳ ነው አልኩ። አልተነሳሁም፤ ግን እሷ ልትሄድ ነው አልኩ። ዓይኔን ልክፈትና «አልተነሳሁም እኮ!» ልበላት ወይስ ሞቼ ልቅር? ያችን ያህል የረዘመችብኝ ሰዓት በዕድሜዬ የለችም።

አልሄደችም። ብሩን በሁለት ጣቷ ከግንባሬ አነሳችው። ከዚያ ሰምቼው በማላውቀው ድምፅ፣ ዝቅ ባለ፣ ከሆድ በሚወጣ ድምፅ፣ ጋሽ ድልነሳው ያልጻፈውን ጀመረች። የእናቷ ድምፅ ነበር።

«በቁሙ እያለ ያየውም የለም፣
ዛሬ ምን ይሉታል ሬሳ መሸለም።»

ሳቁ እንደ ተቆረጠ ገመድ ወደቀ። ሹፌሩ ከመድረኩ ሲወርድ በጫማው ጫፍ ነው የሄደው። ከፊት ረድፍ ሻምበል ብቻ፣ እሱም በግማሽ አፉ፣ «ይደገም...» አለ። እሷ ወደ እሱ ዞረች፤ የእናቷ ልጅ አይደለች፣ ከለቀስተኛው አፍ ነጠቀችው።

«ይደገም አላችሁ፤ እኔም እላለሁ፣
ዕድሜ የሚያስደግም የት አገኛለሁ።»

አንዲት ሴት ከመሃል ደረቷን መታች። ከዚያ ሌላዋ። ልጇን ቀብራ የመጣች፣ ባሏን ቀብራ የመጣች፣ ማን ያውቃል፤ አዳራሹ ለቅሶ ቤት ሆነ። ከዚያ ዘነበች ሦስተኛ ግጥም አወጣች። ከሁሉም የበለጠችው እሷ ናት ይላሉ የሰሙት። እኔ አልሰማኋትም። አንዱ ጆሮዬ ጉልበቷ ላይ ተደፍኗል፤ በሌላው ውስጥ ደግሞ የእንባዋ ጠብታ ወድቆ ገባበት። ሙት ጆሮውን አይጠርግም። የሰማሁት እንደ ሩቅ ወንዝ ያለ ነገር ብቻ ነው።

መጋረጃው ሲዘጋ ያጨበጨበ ሰው አልነበረም። ዓይኔን ከፈትኩ። በመጋረጃው ቀዳዳ ወደ አዳራሹ መጨረሻ አየሁ። ጋሽ ድልነሳው ፊቱን ወደ መድረኩ አዙሮ ቆሟል። መድረክ ላይ ሳለን ፊት ለፊት ሲያየን ያየሁት ያን ቀን ብቻ ነው። ወደ ውስጥ ገባና፣ «አሁን መነሳት ትችላለህ» አለኝ።

ሻምበል ባይሳም መጣ። ባርኔጣውን አውልቆ በእጁ ይዟታል። «እንግዲህ አትመለስም» አለኝ። «አልመለስም» አልኩት። ለዘነበች ወታደራዊ ሰላምታ ሰጥቷት ወጣ። ሹፌሩ ከዚያ ቀን ጀምሮ የመድረኩን ባሕር ዛፍ በመኪናው በነፃ ሲያመላልስልን ኖረ። አቶ ሰይድም በሳምንቱ «ሙት ባይነሳም ሰው ይመጣል ለካ» አሉ፤ አዳራሹን ኖራ አስቀቡት።

ከዚያ በኋላ በመጣው እሁድ ሁሉ ሰው ያቺን ሙሾ ፈለጋት። ለእሷ «ይደገም!» ይሏት ጀመር። አልደገመችም። ወደ ተጻፈላት ተመለሰች። ስጠይቃት «የዚያን ቀን ሙት የዚያን ቀን ተቀብሯል» አለችኝ። «የአልቃሽ ልጅ» የሚላት ግን አልተገኘም፤ ወይም ያላት ሰው ለሙገሳ ነው ያላት።

ድንጋዩ ላይ ማንበቡም ቀጠለ። አንድ ቀን ወረቀቱን ከእጇ ወሰድኩና በሆዴ ያለውን ልነግራት አሰብኩ። አፌ ስላልታዘዘልኝ በዜማ ጀመርኩ። ዘነበች ፊቷን ወደ ዛፉ አዞረችና «እህህ!» ብላ ሳለች። ልክ እንደ እሱ። ዜማውን ተውኩት። ከዚያ ነገርኳት።

«በየእሁዱ ጉልበትሽ ላይ ሞቼ በየእሁዱ ተነስቼ ወደ ቤቴ መሄድ ታክቶኛል። ከእንግዲህ እዚያው ልቅር» አልኳት።

«ይህ ጋብቻ ነው ወይስ ቀብር?» አለችኝ። አልሳለችም ግን።

ተጋባን። የካ ጎጆ ወጣን። ጋሽ ድልነሳው የሰርጋችን ቀን ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ ተቀመጠ፤ ሽማግሌዎቹ ንክ መሰላቸው። ስንማማል አለመሳሉን ሁለታችንም በጆሯችን እየጠበቅን ነበር።

ከዚያ ወዲህ ያለው ረጅም ነው፣ አጭርም ነው። ከመጋዘኑ አዳራሽ ወደ ትልልቁ ቲያትር ቤት ተወሰድኩ። ንጉሥ ሆንኩ፣ ሌባ ሆንኩ፣ ቄስ ሆንኩ፣ ድምፄ ሲሻክር አባት ሆንኩ፣ ጥርሴ ሲረግፍ አያት ሆንኩ። ከአለቃ ጋር ያልተጣላሁበት ዓመት የለም። ጋሽ ድልነሳው በእርጅና ሞተ፤ በመጨረሻ የምር ሳል ይዞት ነበር፣ እኛ ግን በሳለ ቁጥር ምን ዋሸን እያልን እንደነግጥ ነበር። መጋዘኑም ዛሬ የለም። በዚያ መንገድ ሳልፍ፣ የላምበረት መናኸሪያ ተሸካሚዎች ሲገፉኝ፣ አፍንጫዬ እርጥብ ባሕር ዛፍና ጤፍ ይፈልጋል። የሚያገኘው ጭስ ነው።

ያቺ ሦስተኛ ግጥም ግን አልለቀቀችኝም። ልጆች ወለድን፣ ልጆች ዳርን፣ እኔ እጠይቃለሁ። ሽንኩርት ስትከትፍ ጠይቄያታለሁ። ታማ ተኝታ ጠይቄያታለሁ። ሰው ሁሉ ሰምቷት እኔ፣ ሬሳው፣ የተለቀሰልኝ ሰውዬ ሳልሰማት ይቅር? የሰሙትን ብጠይቅ አንዱ «ስለ ዛፍ ነበረች» ይላል፣ አንዱ «ስለ ጉልበት ነበረች» ይላል፤ የያዛት የለም።

«ዘኑ፣ እባክሽ አንዴ በይልኝ። አንዴ ብቻ።»

«ስትሞት ትሰማታለህ» ትለኛለች።

«ስሞትማ እንዴት እሰማለሁ?»

«ያን ጊዜስ ሞተህ አልነበረም? ጆሮህን ጠርገህ ጠብቅ።»

ይህ የቤታችን ቀልድ ነበር። ልጆቻችንም ያውቁታል። እኔ ግን ከልቤ ይዤው ነበር። ከእሷ በእድሜ እበልጣለሁ፣ ወንድ ነኝ፣ ሳንባዬም ደካማ ነው፤ ቀድሜ እንደምሄድ ጥርጥር አልነበረኝም። ሞትን አልፈራም ነበር ብል አትታዘቡኝ። የምሰማው ነገር ነበረኛ።

ቀድማኝ ሄደች። ባለፈው ክረምት፣ እንቅልፍ እንደወሰዳት ቀረች። ደረቷን አየሁት። ቅጠል ብታስቀምጥበት አትንቀሳቀስም ነበር።

የካ ነው የቀበርናት። ዛሬ የሚያለቅስ የለም፤ ሰው ጥቁር መነጽር አድርጎ ይቆማል። የድሮ ሰዎች ግን ጥቂት ነበሩ፤ ከመሃላቸው አንዷ አሮጊት «ቱሉ፣ እንዲህ ዝም ብላ ትሂድ? አንድ ነገር በላት እንጂ» አሉኝ። ድምፅ የለኝም። ቢኖረኝም ልዘፍን አልፈለግሁም። ወደ ሕዝቡ ሳይሆን ወደ እሷ ዞርኩ። ሦስተኛዋን አላውቃትም፤ ሁለተኛዋን፣ የራሷን፣ ያለ ዜማ ነገርኳት።

«ይደገም አላችሁ፤ እኔም እላለሁ፣
ዕድሜ የሚያስደግም የት አገኛለሁ።»

ከዚያ ወደ ኋላ፣ ወደ ቤተ ክርስቲያኑ ግድግዳ በኩል፣ ጆሮዬን አቆምኩ።

የሳለ ሰው አልነበረም።